ሚስተር ኮሊን በአማርኛ የተወኑ ዕለት

እዚህ ውጭ አገር፣ ኢስት ዮርክ፣ የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ነው የምሠራው። ከምንከባከባቸው አንዱ ሚስተር ኮሊን የሚባሉ እንግሊዛዊ ተዋናይ ናቸው። አርባ ዓመት ፊልም ሠርተው ስማቸውን የሚያውቅ የለም። ፖሊስ ወይ ሐኪም ሆነው ይገቡና አንድ ዐረፍተ ነገር ተናግረው ይወጣሉ። "ዋናው ተዋናይ ሲሞት 'አርፏል' የምለው እኔ ነበርኩ" እያሉ ይስቃሉ።

አንድ ሰሞን የሀገሬ ሰው እማማ አስካለ፣ ነገር መርሳት የጀመራቸው፣ "ሐኪም ካላዘዘኝ አልበላም" ብለው ሁለት ቀን ምግብ እምቢ አሉ። ዶክተሩ መጥቶ በእንግሊዝኛ ቢለምናቸው ፊታቸውን አዞሩበት። ልጃቸው ኮሪደር ላይ ስታለቅስ ሚስተር ኮሊን አዩና ጠሩኝ። "በአማርኛ ምን ልበላቸው?" አሉኝ። ልጅቱን አስፈቅጄ ሦስት ቃል አስጠናኋቸው።

ከረባታቸውን አስረው፣ ወገባቸውን ቀጥ አድርገው ገቡ። የእማማን እጅ ይዘው የደም ሥራቸውን አዳመጡ፤ ዝም፣ አሁንም ዝም። ከዚያ "እማማ፣ ሾርባውን ይጠጡ!" አሉ። እማማ ትክ ብለው አዩዋቸው።

"እሺ፣ ዶክተር። እንዲህ በሚገባኝ ቋንቋ ቢነግሩኝ መች እምቢ እል ነበር?" ብለው ሾርባውን ጥርግ አድርገው ጠጡ። ልጅቱ እንባዋን ሳትጠርግ ሳቀች።

ስንወጣ ሚስተር ኮሊን ከረባታቸውን እያላሉ ወደ እኔ ዞሩ።

"ዝምታዋን አላበዛኋትም?" አሉኝ።

ሳቄ ሊያመልጠኝ ነበር፤ እሳቸው ግን የምራቸውን ነው።

"ኧረ ልክ ነበረች" አልኳቸው። ፊታቸው በራ።