ሙያ ሠራህ

ከቀየት ወደ መሐል ሜዳ በሚሄደው ሚኒባስ ውስጥ፣ ከኋላዬ አንዲት ወጣትና ክር የሞላ ከረጢት የታቀፉ ሽማግሌ ጎን ለጎን ተቀምጠው ያወራሉ።

«አባባ፣ ይኼን ክር ማን ፈተለው?»

«እኔው ነኝ፣ ልጄ። ለሸማኔው ላደርስ ነው፤ ለብርድ የምንደርበው ባና ይሠራልናል።»

«ወንድ የበግ ጠጉር ይፈትላል እንዴ?»

«ባለቤቴ ጀምራው ነበር። ዘንድሮ እጇ አልታዘዝ አላት። ጠጉሩን እያየች ስታለቅስ ባገኘኋት ጊዜ እንዝርቱን አንስቼ ‹በይ አስተምሪኝ› አልኳት።»

«ቻሉበት?»

«የት ችዬ! እበጥሳለሁ፣ ትስቃለች። እየሳቀች አስለመደችኝ።»

«ጎረቤት ምን አለ?»

«‹ሙያ የሴት ነው፤ አንተ ምን ቤት ነህ?› አሉኝ።»

«ወንድስ ሙያ የለውም?»

«በእኛ ጊዜ ወንድ ሙያ ሠራ የሚባለው ጦር ሜዳ ውሎ ጀብዱ ሲፈጽም ነበር። እኔን እንዲህ ያለኝ ሰው የለም። ትናንት ማታ ፈትዬ ስጨርስ ግን እሷ ክሩን በዚያ በደረቀ ጣቷ ዳበሰችና ‹ሙያ ሠራህ፣ የኔ ጌታ› አለችኝ።»

«እርስዎስ ምን አሏት?»

«በጎቹን ልይ ብዬ ወጣሁ። በጎቹ ግን ቀድመው ገብተው ነበር።»

ዞር ብዬ ፊታቸውን ላየው ብፈልግም፣ መሐል ሜዳ እስክንደርስ ፊት ለፊቴን እያየሁ ተቀመጥኩ።