የሌላ ሰው ፊርማ

ፌርፋክስ ላይ የማስተናግድበት የሐበሻ ሬስቶራንት አንድ ኮሪያዊ ሽማግሌ ማክሰኞ ማክሰኞ ለምሳ ይመጣ ነበር። ሽሮ ያዛል፣ እንደኛው በእጁ ይበላል። አንድ ቀን አብራኝ የምትሠራው ሰናይት ከኪችን አጮልቃ አየችውና «ውይ፣ ይሄ እኮ ያ ታዋቂው የኮሪያ አክተር ነው!» ብላ ስሙን ነገረችኝ። ሶ፣ እኔ ምን ይያዘኝ! ወረቀትና እስክሪብቶ ይዤ ሄድኩ፤ በዚያው ስም ጠርቼው «እባክዎ ይፈርሙልኝ» አልኩት።

ቀና ብሎ አየኝ። «እሱ አይደለሁም» አለ በቀስታ። «ግን እኔም አክተር ነኝ። አገሬ አርባ ዓመት ሠርቻለሁ። ባለሱቅ ሆኜ፣ ሐኪም ሆኜ፣ የሚሞተው አባት ሆኜ።»

የሚቀልድ መስሎኝ ሳቅኩ። «አይደብቁኝ እንጂ! ለማንም አልናገርም።»

ወረቀቱን ተቀበለኝና የዚያን የሌላውን ሰው ስም ጽፎ ሰጠኝ። ከዚያ ወዲያ አልመጣም።

ከወራት በኋላ ቤቴ ቁጭ ብዬ የኮሪያ ፊልም በእንግሊዝኛ ትርጉም ሳይ ያ ሽማግሌ ድንገት ብቅ አለ። ሐኪም ነው። አንዲትን እናት ልጇ እንዳልተረፈ ይነግራታል። የተናገረው ከሁለት ዓረፍተ ነገር አይበልጥም፤ እኔን ግን ስቅስቅ አድርጎ አስለቀሰኝ። ፊልሙ ሲያልቅ ስሙን ላነብ ወደ ቲቪው ተጠጋሁ። የተዋንያኑ ስም በሙሉ በኮሪያ ፊደል ነበር የተጻፈው፤ አንዱንም ማንበብ አልቻልኩም። ከፊቴ ተቀምጦ ሳለ ግን «ታዲያ የእርስዎ ስም ማን ነው?» ብዬ ብጠይቀው ይነግረኝ ነበር።