የኔታ እና የዱባው መጽሐፍ

ሞላሌ ከተማ አንደኛ ክፍል አስተምራለሁ። አንድ ቀን የዱባን አበቃቀል የሚያሳይ የልጆች የሥዕል መጽሐፍ ይዤ በቤተ ክርስቲያኑ በኩል ሳልፍ፣ ዓይነ ስውሩ የኔታ ፀሐይ ሲሞቁ አገኘኋቸውና አጠገባቸው ተቀመጥኩ። ወረቀቱን ስገልጥ ሰሙኝ። "ምንድን ነው ልጄ?" ነገርኳቸው። "በይ ሥዕሉን አንብቢልኝ" አሉ።

ገጽ በገጽ ነገርኳቸው፤ ዘሩ ሲበቅል፣ ሐረጉ አጥር ላይ ሲወጣ፣ ቢጫ አበባው፣ ትልቁ ዱባ፣ ዱባውም በስብሶ ዘሩ መሬት ላይ ሲቀር። መጨረሻ ላይ "ክረምት" የሚለው ገጽ ላይ ደረስኩና "ይሄ እንኳን ነጭ ብቻ ነው" አልኳቸው።

ቆጣ አሉ። "ክረምትማ የዱባ ሐረግ የሚስብበት ነው፤ እንዴት ይነጣል?"

"የፈረንጅ አገር ክረምት ነው የኔታ። አመዳይ የመሰለ በረዶ መሬቱን ያለብሰዋል።"

"ዘሩስ?"

"ከበረዶው ስር አለ ይላል ጽሑፉ።"

"ላንቺ ይታይሻል?"

"ኧረ አይታየኝም።"

እጃቸውን ዘርግተው ገጹን ቀስ ብለው ዳበሱት።

"እንግዲያ ይህችን ገጽ እኩል አየናት" አሉኝ።