ከባሕሩ በላይ የቆመው ብርሃን

ከወደብ ከተማው ዳር ወዳለው ባልባላ ሰፈር በሚሄደው ሚኒባስ ውስጥ፣ ከፊቴ የተቀመጡ አንዲት እናትና አንድ ወጣት ያወራሉ።

«ልጄ፣ ትናንት ማታ ከባሕሩ በላይ የቆመውን አረንጓዴ ብርሃን አየኸው? እኛ ግቢ እግዚኦ ስንል አደርን።»

«አየሁት፣ እማማ። ወንድሜም ወደ የመን ከሚሻገርበት ጀልባ ላይ ደውሎልኝ ነበር።»

«ምን አለህ?»

«ነጂው የየመን መብራት ታየ ብሎ ወደሱ እየነዳ ነው አለኝ። ሁሌም የማዶውን መብራት አይተው ነው የሚሻገሩት።»

«እሱማ ሰማይ ላይ ነው!»

«ነገርኩት እኮ። መሬት ላይ ተቀምጠህ ምን ታውቃለህ ብሎ ሳቀብኝ።»

«ከዚያስ?»

«ሊነጋ ሲል ብርሃኑ ጠፋ።»

«ስልኩስ?»

«ጥሪ አይቀበልም።»

«ባትሪው አልቆ ይሆናል።»

«እኔም ለእናታችን እንደዚያ ነው ያልኳት።»

ዛሬ ማታ ለምሻገርበት ጀልባ ልብሴን የያዝኩበትን ፌስታል በእግሬ ወደ መቀመጫው ስር ገፋሁት።