በቀበሌው መድረክ ላይ ያለቀሱት ወይዘሮ ራግኒልድ

የተከበራችሁ ለቀስተኞች፣ በዚህ በሰኔ ዝናብ ሥራችሁን ትታችሁ ወይዘሮ ራግኒልድን ልትሸኙ ስለመጣችሁ፣ ቤተሰቡ በቅድሚያ ምስጋናውን ያቀርባል።

ወይዘሮ ራግኒልድ ከመርከብ አናጺው ከአቶ ኦላፍና የተዋንያን ልብስ ይሰፉ ከነበሩት ከወይዘሮ ማሪት በ1916 ዓ.ም. በኖርዌይ አገር በበርገን ከተማ ተወለዱ። እናታቸው በሚሠሩበት ቲያትር ቤት ጓዳ አድገው፣ ትምህርታቸውን እንደጨረሱ ወደ መድረክ ወጡ፤ አገራቸው በጀርመን ጦር ተይዛ ሳለም የወራሪው መኮንኖች ፊት ወንበር ላይ ተቀምጠው እያዩአቸው፣ ድምፃቸው ሳይናጋ መጫወትን ተማሩ። ከጦርነቱ በኋላ ሰባት ፊልሞች ሠርተው በአገራቸው ስመ ጥር ሆኑ።

በ1951 ዓ.ም. ኦስሎ ምህንድስና ይማሩ ከነበሩት ከአቶ ዓለምሰገድ ጋር ተጋብተው፣ ወደ አዲስ አበባ መጥተው፣ ወለተ ሥላሴ ተብለው ክርስትና ተነሥተው፣ ዛሬ አትላስ በምንለው ሰፈር ቤት ሠርተው ልጃቸውን ሣባን ወለዱ። የሰፈሩ ሰው ይህች ፈረንጅ ክረምቱን አትዘልቅም ብሎ ነበር፤ እሳቸው ግን «ጠ»ን ማለት እንዳቃታቸው ሠላሳ ሁለት ክረምት ኖሩ።

በ1970 ዓ.ም. በዚያው ግቢ ይኖሩ የነበሩት የአቶ ዓለምሰገድ እህት የወይዘሮ አፀደ የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ብርሃኑ ተገድሎ መንገድ ዳር ተጥሎ ተገኘ። ማልቀስ፣ ጥቁር መልበስ፣ ድንኳን መትከል ተከለከለ። ወይዘሮ አፀደ ነጠላቸውን አፋቸው ውስጥ ጎስጉሰው ዋሉ፤ ቀን በቀን እህል እየተዉ፣ ቃል እየተዉ ሄዱ፤ በልጁ ላይ እናቲቱን ልንቀብር ነው ብለን ፈራን። መኪና በር ላይ በቆመ ቁጥር ሁላችንም ወደ በሩ ዘወር እንል ነበር።

የቀበሌው ሊቀመንበር ወይዘሮ ራግኒልድ የኪነት ቡድኑን እንዲያሠለጥኑ አዘዋቸው ነበርና፣ እሳቸው ልጇን ተካልኝን ፀረ አብዮተኞች ስለገደሉባት እናት አንድ ድርሰት ጽፈው አስፈቀዱ፤ የእናቲቱንም ቦታ ለወይዘሮ አፀደ ሰጡ። ባለቤታቸው ይህ ነገር ሁላችንንም ያስጨርሰናል ብለው ቢለምኗቸውም አልሰሙም።

ልጁ በሞተ በሦስተኛው ሳምንት የቀበሌው አዳራሽ ሞልቶ፣ ሊቀመንበሩ ሽጉጣቸውን እንደታጠቁ ፊት ወንበር ላይ ተቀምጠው ሳለ፣ ወይዘሮ አፀደ ደረታቸውን መትተው ተካልኝ ማለቱ ቀርቶ ብርሃኑ ብለው ተጣሩ። ሊቀመንበሩ ከወንበራቸው ተነሡ። በዚያች ቅጽበት የጎረቤት ሴት ሆነው ይጫወቱ የነበሩት ወይዘሮ ራግኒልድ፣ በልቅሶ ቤት አልቃሽ እንደሚቀበል፣ ብርሃኑን በዚያ በተሰባበረ አማርኛቸው ተቀብለው አለቀሱ፤ አዳራሹም ተከትሎ ተቀበለ፤ ስንቱ በልቡ የራሱን ልጅ እየጠራ እንዳለቀሰ እግዚአብሔር ያውቃል። ሊቀመንበሩ ግራ ቀኙን ተመልክተው አጨበጨቡ፤ ትርኢቱም እንዲደገም አዘዙ። ወይዘሮ ራግኒልድም በማግሥቱ ከድርሰቱ ላይ ተካልኝ የሚለውን ስም ሰርዘው ብርሃኑ ብለው ጻፉ፤ ልምምድ ይቀረናል እያሉ ቀኑን ገፍተው፣ ሁለተኛውን ትርኢት ልጁ በሞተ በአርባኛው ቀን አደረጉት። ወይዘሮ አፀደ ከዚያ ሲመለሱ እህል ቀመሱ።

ወይዘሮ ራግኒልድ ግን ከዚያን ጊዜ ጀምሮ በር ሲንኳኳ ፊታቸው አመድ ይመስል ነበር፤ መድረክም ዳግመኛ አልረገጡም። በልብ ሕመም ሲታከሙ ቆይተው ትናንት፣ ሰኔ 11 ቀን 1983 ዓ.ም.፣ በስድሳ ሰባት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም አረፉ።

ከኋላቸው ባለቤታቸውን አቶ ዓለምሰገድን፣ ልጃቸውን ሣባንና ወይዘሮ አፀደን ትተዋል። ያ ዘመን ካለፈ ወር እንኳ አልሞላውም፤ ይህ ሲነበብም ብዙዎቻችን ወደ በሩ ዘወር እያልን ነው። እግዚአብሔር የእህታችንን የወለተ ሥላሴን ነፍስ በአብርሃም፣ በይስሐቅና በያዕቆብ አጠገብ፣ ከብርሃኑ ጋር ያሳርፍልን፤ ወይዘሮ አፀደም ዛሬ በመድረክ ሳይሆን በደጀ ሰላም የልጃቸውን ስም ጮክ ብለው ይጥሩ፤ እኛም እንቀበላለን።