የለቅሶ ቤት ፊርማ

(በአንዲት የወረዳ ከተማ፣ የቁጠባና ብድር ማኅበሩ ቢሮ፤ ለጥርስ ማስተከያ ሦስት ዓመት የቆጠቡት እትዬ ይመኙሻል ገንዘባቸውን ለማውጣት ለስድስተኛ ጊዜ መጥተው ከሊቀ መንበሩ ከአቶ ደርበው ፊት ቆመዋል።)

ደርበው፦ ስንቴ ልንገርዎት እትዬ? ኮሚቴው ሳይወስን አምስት ሳንቲም አይወጣም!

ይመኙሻል፦ ኮሚቴው መች ይሰበሰባል?

ደርበው፦ ምልዓተ ጉባኤ ሲሞላ።

ይመኙሻል፦ መች ይሞላል?

ደርበው፦ አባላቱ ሲመጡ።

ይመኙሻል፦ ማን ይጠራቸዋል?

ደርበው፦ ኮሚቴው ነዋ።

ይመኙሻል፦ ላም አለኝ በሰማይ! እኔ ከበርበሬ ንግዴ እየቀነስኩ ለጥርስ አስቀመጥኩ፤ የሚያኝከው ግን አንተ ሆንክ።

ደርበው፦ ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል፣ እትዬ።

ይመኙሻል፦ ያንተ እንቁላል ገማ እንጂ መች ሄደ?

ደርበው፦ ካልተስማማዎት ፍርድ ቤት አለልዎት።

ይመኙሻል፦ ሄድኩ እኮ። መዝገብ ቤት ያለችው ልጅ «እናቴ፣ የማኅበር ክርክር መጀመሪያ በሽማግሌ ይታያል፤ እዚያ ካላለቀ ነው ወደኛ የሚመጣው» ብላ መለሰችኝ።

ደርበው፦ ታዲያ በበኩሌ ሽማግሌ መርጬ የለ?

ይመኙሻል፦ የዘጠና ሁለት ዓመቱን ጋሽ ሽበሺን!

ደርበው፦ የተከበሩ ሰው ነበሩ።

ይመኙሻል፦ የተከበሩማ ነበሩ። «ጉዳዩ ምንድን ነው?» ብለው ሦስቴ ጠየቁኝ፤ ሦስቴም መልሱን ሳይሰሙ እንቅልፍ ወሰዳቸው። በአራተኛው ሞቱ።

ደርበው፦ ነፍስ ይማር። እንግዲህ ሌላ ሽማግሌ እስክመርጥ ድረስ…

ይመኙሻል፦ ከሳቸው የሚያረጅ ፈልገህ ልታመጣ?

ደርበው፦ በሟች አይቀለድም!

ይመኙሻል፦ ማን ቀለደ? ባለውለታዬ ናቸው። የሳቸው ለቅሶ ባይኖር የማኅበሩን መቶ ሃያ አባል አንድ ድንኳን ሥር ከየት አገኝ ነበር?

ደርበው፦ ምን ማለትዎ ነው?

ይመኙሻል፦ መተዳደሪያ ደንባችሁን ሰው አስነበብኩ። ከአባላቱ ሲሶው በፊርማ ከጠየቀ ጠቅላላ ጉባኤ ይጠራል፤ ኮሚቴው ካንገራገረ የኅብረት ሥራ ጽሕፈት ቤቱ ይጠራዋል ይላል። ወረቀቱን በቀብሩ ማግሥት እዚያው ድንኳን ውስጥ አዞርኩት።

ደርበው፦ ሬሳ በተቀበረ ማግሥት? አያፍሩም?

ይመኙሻል፦ ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም። ግማሹ ለጋሽ ሽበሺ፣ ግማሹ ለቁጠባው አለቀሰ። አርባ ሰባት ሰው ፈርሟል፤ ያውልህ።

ደርበው፦ እስቲ… ተራ ቁጥር ዐሥራ ሁለት… እንዴ! ይሄ የኔ ፊርማ ነው!

ይመኙሻል፦ ያምራል። ጅራቱን ማስረዘም ታውቅበታለህ።

ደርበው፦ እኔ እኮ የዕድሩ ስም መቆጣጠሪያ መስሎኝ ነው! ከለቅሶ ቀርተሃል ተብዬ እንዳልቀጣ!

ይመኙሻል፦ ከላይ በትልቁ «የኮሚቴው ሥራ ይመርመርልን» ይላል።

ደርበው፦ ለቅሶ ቤት ወረቀት ማን ያነባል? ይሰርዙልኝ!

ይመኙሻል፦ እሰርዝልሃለሁ፤ ያላንተም ሲሶው ሞልቷል። ብቻ ከጎኑ «ሳላነብ ነው የፈረምኩት» ብለህ ጻፍበት። ጽሕፈት ቤቱ የሚልከው ኦዲተር የብድር ወረቀቶቹን ሲያገላብጥ፣ ለአማችህ ያበደርከውንም ጭምር፣ አፈራረምህን ቀድሞ ይወቅ።

ደርበው፦ …ይቀመጡ እንጂ እትዬ። ምነው ቆሙ?

ይመኙሻል፦ አምስቴ ስመላለስ ወንበር አልነበረም። ዛሬ ከየት በቀለ?

ደርበው፦ ጎረቤት አይደለንም እንዴ? የርስዎን ብቻ ዛሬውኑ ልጨርስልዎት። የጥርስ ሐኪሙ ቀጥሮኛል ብለውኝ የለ?

ይመኙሻል፦ ኮሚቴውስ?

ደርበው፦ ኮሚቴውን ለኔ ይተዉት። ነገሩ በመሐላችን ይቅር፤ ወረቀቱም እዚሁ ይቅር።

ይመኙሻል፦ ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል ይላሉ። አንተማ ምን ቁጭት አለብህ? በል አምጣ።

ደርበው፦ ይኸው፤ ይቁጠሩት።

ይመኙሻል፦ …ልክ ነው። ተባረክ።

ደርበው፦ ይበሉ ወረቀቱን ልቅደደው።

ይመኙሻል፦ ቅደደው፣ ቅጂ ነው። ዋናው ጠዋት ጽሕፈት ቤቱ ገብቷል።

ደርበው፦ እትዬ! ተስማምተን አልነበረም እንዴ?

ይመኙሻል፦ መች ተስማማሁ? ብቻህን ስታወራ ነበር። እኔ «አምጣ» ነው ያልኩት።

ደርበው፦ እሺ… ይሁን። እንደከፈልኩዎት ግን ለማንም እንዳይናገሩ፤ በሞቴ!

ይመኙሻል፦ ምን አስለፋኝ? ካንተና ከኔ ሌላ የፈረሙት አርባ አምስቱም የቁጠባ ደብተራቸውን ይዘው ደጅህ ተሰልፈዋል፤ ስትቆጥርልኝ በመስኮቱ እያዩህ ነበር።