ጆሮ ለእናቱም ባዳ ነው

ዝም ብላችሁ ተቀመጡ እስቲ፣ ሁለታችሁም! አይ… እርስዎስ አይቀመጡ እመቤቴ፣ እርስዎ ቀጥ ብለው ይቁሙልኝ። ሃያ ስፒል ሰክቼብዎታለሁ፤ ዞር ካሉ አንዱ ሳይወጋዎት አይቀርም። አንቺ የእህቴ ልጅ፣ ደብተሩን ያዥና እዚያ ወንበር ላይ እረፊ። እኔ እናገራለሁ፣ አንቺ ትጽፊያለሽ። ያልኩትን ሁሉ አይደለም ታዲያ! ልኩን ብቻ። ባለፈው ‹‹ወገብ ሰማንያ ሁለት፣ ኧረ ይሄ ሙቀት ሊገድለኝ ነው›› ብለሽ ጽፈሽ ደንበኛዋ ስትስቅ ዋለች።

ሙቀቱስ ግን! ይሄ ክፍል ካውያው ሲጨመርበት ዳቦ ይጋግራል እኮ። እርስዎ ቢሮ ማራገቢያ አለ አይደል? ተመስገን ነው።

ጻፊ። ቁመቱ ደህና ነው፣ አይነካ። የግራ ትከሻ ግማሽ ሴንቲ ይግባ። ወገብ ሰባ ስድስት… ምን አሉኝ? ሰባ አምስት ተኩል? እስቲ ሜትሩን… ወይ ጉድ፣ እውነትም ሰባ አምስት ተኩል! አየሽ? ሰው የራሱን ልክ እንዲህ ነው ማወቅ ያለበት። ሃያ ስድስት ዓመት ስሰፋ፣ እንደ እመቤቴ ወገቡን በግማሽ ሴንቲ የሚያውቅ ሰው አላጋጠመኝም። አስተካክይላቸው።

ልክ ስል ትዝ አለኝ… ያቺ ደንበኛዬ። አልነገርኩሽም? እርስዎም አያውቋትም እመቤቴ፤ ሩቅ ናት፣ ከዚህ ሰፈር አይደለችም። ስሟን አልጠራም፣ ሐሜት አልወድም። ደግሞ ምኗ ይታማል? ጥሩ ሴት ናት። በቀደም ለልጇ አምስት ቀሚስ ገዝታ አመጣችልኝ። አምስት! ገና ወረቀታቸው ያልተነሳ። ትንሽ ይጥበብ ልትለኝ ነው ብዬ ልጅቷን አንዱን ባለብሳት፣ እጅጌው ክርኗ ላይ ቀረ። ዚፑ መሀል ጀርባዋ ላይ ቆሞ አልንቀሳቀስም አለ። ሌላውን ብሞክር እሱም። አምስቱም የስድስት ዓመት ልጅ ልክ! ልጅቷ ስምንት ሞልቷታል።

ምን ይደረጋል፣ ሰው የሚገዛው ባየው ልክ ነው። እናትየዋም ለመጨረሻ ጊዜ ባየቻት ልክ ገዛች…

ጎን ጎኑን ፈትቼ ጨርቅ ጨመርኩበት። ሦስቱን አተረፍኳቸው። ጨርቅ እንኳን ይቀጠላል። ሁለት ዓመት በምን ይቀጠላል ታዲያ?

እጅዎን ዝቅ ያርጉልኝ እመቤቴ። እንደሱ። ደረት ላይ አይጠብዎትም? ትንሽ ጠበብ ያለ ይመስላል፣ ወይስ ትንፋሽ ስለያዙ ነው? ይተንፍሱ እንጂ፣ ምን ያስጨንቅዎታል።

ልጅቷ ደግሞ ብልህ ናት። ዩኒፎርሟ አጠረባት። ማን ያውርድላት? ራሷ እጥፋቱን ፈትታ፣ ራሷ አውርዳ፣ በምን ያዘችው መሰለሽ? በስቴፕለር! ዙሪያውን፣ ልክ የቢሮ ወረቀት እንደሚያዘው። ሽቦው ጉልበቷን ሲቧጭራት ይውላል። ‹‹ማን ሰፋልሽ?›› ብላት ‹‹እኔ!›› አለችኝ፣ ኮራ ብላ። እንዲህ ነው ልጅ ማሳደግ! እኛን እናታችን ቁጭ ብላ ስትጥፍልን፣ ቁልፍ ስትተክልልን፣ አበላሸችን እንጂ ምን ጠቀመችን? አንድም ቀን ስቴፕለር እንድንይዝ አላደረገችንም።

አባትየውንም አታንሺብኝ። ጨዋ ሰው ነው። በልጁ ላይ እጁን አንስቶ አያውቅም። ዓይኑንም… እቤት ሲገባ ስልኩን ይዞ ይቀመጣል፣ ልጅቷ ስታወራው ‹‹እእ፣ እእ›› ይላል። አንድ ቀን ‹‹አባዬ ቤቱ እየተቃጠለ ነው›› ብላ ሞከረችው አሉ። ‹‹ጎበዝ›› አላት።

ሳቂ፣ ሳቂ፤ እመቤቴም ይሳቁ፣ ስፒሉ እንዳይወጋዎት ብቻ።

እሷ ብቻ መሰለችሽ? እኔ እኮ በዚህ በር የሚገባ ልጅ የለበሰውን አይቼ የቤቱን ነገር አነብልሻለሁ። ልብስ አይዋሽም። አንገትጌው ላይ የክር መስመር ያለበት ልጅ ቁልፍ አንጠልጥሎ የሚውል ነው፤ ራሱ ከፍቶ ገብቶ፣ ራሱ ላይ ይቆልፋል። በዚህ ሙቀት ወፍራም ሹራብ ያጠለቀው፣ ጠዋት ሲወጣ ማንም ቀና ብሎ አላየውም። እጅጌው ጫፍ ታኝኮ ያለቀው ደግሞ… እሱ የሚያወራው ሲያጣ እጅጌውን የሚበላ ነው። ማቀዝቀዣው ሙሉ ነው፣ ገበታው ላይ ግን ከእሱ በቀር ሰው የለም። ባለፈው ወር ዩኒፎርም ሊያሰፉ ከመጡት አሥራ አንድ ልጆች ስድስቱ ብቻቸውን ነው የመጡት። ስለ ልካቸው ብጠይቃቸው ‹‹እንጃ፣ አንቺ እይው›› አሉኝ። የተመታ የለባቸውም፣ ሰንበር የለባቸውም። ማንም ምንም አላደረጋቸውም…

ማንም ምንም አላደረገላቸውም።

ጻፊ እንጂ ምን ታፈጪብኛለሽ! ጀርባ፣ ዚፑ ሁለት ጣት ዝቅ ይበል።

ወደ ሴትዮዬ ልመልስሽ። ይቺ ልጅ ጆሮዋን ታመመች። የቀኙን። መጀመሪያ ፈሳሹ ትራሷን አረጠበው፤ ‹‹ስትታጠብ ውሃ ገብቶ ነው›› ተባለ። ከዚያ ሽታ አመጣ። ከዚያ ጥጥ ተወተፈበት። ማን ወተፈው? ራሷ! ከትምህርት ቤት መልስ እኔ ጋ ነው የምትቆየው፣ ልክ እንደ እመቤቴ ልጅ፤ ለካ የኮት ትከሻ ከምሞላበት ጥጥ እየቆነጠረች ትወስዳለች። እኔ ጥጤ ለምን ያልቃል ብዬ ወር ሙሉ አይጥ ስረግም ከርሜያለሁ! ወጥመድ ሁሉ ገዝቻለሁ። ምስኪን አይጥ፣ ስሟ ጠፋ።

ይኸው አራተኛ ወሯ። አስተማሪዋ ‹‹ስጠራት አትሰማኝም፣ ልቧ ሌላ ቦታ ነው›› ብላ ኋላ ወንበር አስቀመጠቻት። የማይሰማን ልጅ ኋላ! አሁን ክፍል ትደግማለች እየተባለ ነው። እናትየዋ ደግሞ ‹‹ግትር ናት፣ ስጠራት እያወቀች ዝም ትለኛለች›› አለችኝ፣ እዚሁ መስታወት ፊት ቆማ። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይሉ የለ? እኔ ለባለቤቱ ብቻ ይመስለኝ ነበር። ለእናቱም ባዳ ነው ለካ።

ምን ትጠቅሽኛለሽ አንቺ? ድምፅ ቀንሺ? ለምን እቀንሳለሁ? ጓዳ ያለችው እንደሆነ የእመቤቴ ልጅ ናት፤ ቁልፎቹን በቀለም እየለየችልኝ ነው። ደግሞ በቀኟ በኩል ነን። አትሰማም።

… አይዞዎት እመቤቴ፣ ወጋዎት እንዴ? አላልኩዎትም አይንቀሳቀሱ ብዬ?

ታዲያ የትምህርት ቤቱ ነርስ ለጤና ጣቢያው ጻፈች። ቀጠሮ ተሰጠ። እናትየዋ ቀረች፤ ስብሰባ ነበር። ሁለተኛ ተሰጠ። ቀረች፤ የወር ሪፖርት ነበር። በሦስተኛው ነርሷ ወረቀቱን በቦርሳ መላክ ሰልችቷት ልጅቷ ሹራብ ላይ፣ እዚህ ደረቷ ላይ በስፒል ሰካችው። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም አይደል የሚባለው? ይሄ ወረቀት ሹራቧን ይዞ ሦስት ቀን ተንጠለጠለ። ቤት ገባ፣ ከቤት ወጣ። እራት ቀርቦ እሱም ቀረበ። ጠዋት ‹‹ቻው›› ተብላ ስትሳም እሱም አብሮ ተሳመ። አንድ እጅ አልነቀለውም! በመጨረሻ እኔ ነቀልኩት። የስፌት ሰው ነኝ፣ በሰው ልብስ ላይ ስፒል ተረስቶ ሲቀር አልወድም።

ምን ይላል መሰለሽ? ነገ ጠዋት ሦስት ሰዓት። ከዚህ በላይ ከቆየ የሄደው መስማት አይመለስም፣ ወላጅ ቀርቦ ለሕክምናው ይፈርም ይላል። ወላጅ! ሱቄን ዘግቼ ሐኪሙ ድረስ ሄጄአለሁ። ‹‹እኔ ልፈርም›› አልኩት። ‹‹ምኗ ነዎት?›› አለኝ።

… ምኗ ነኝ?

‹‹ልብስ ሰፊዋ ነኝ›› አልኩት። ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። ምን ላድርግ፣ አልወለድኩ፣ የእናትን አንጀት በምን አውቀዋለሁ? የወለዱት ናቸው የሚያውቁት። እነሱ ካልተጨነቁ የማያስጨንቅ ነገር ቢሆን ነው ብዬ ተመለስኩ።

በሥራዋ ግን አትምጪባት! አሥር ዓመት ሙሉ አንድ ቀን አልቀረችም፣ አንድ ደቂቃ አላረፈደችም። ጉንፋን ሲይዛት እንኳን አፏን በመሀረብ ይዛ ትገባለች። ሊሸልሟት ነው አሉ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች እያሉ ሰዎች ይተርታሉ፤ ምቀኞች! እሷ እኮ የቆጡን አውርዳዋለች። ከብብቷ ምን እንደወደቀ ደግሞ… ማን ጎንበስ ብሎ ያያል?

እመቤቴም ነገ ነው አይደል የሚሸለሙት? ስምንት ሰዓት? አሥር ዓመት ሳይቀሩ? ወይ ግጥምጥሞሽ! ዓለም ምን ያህል ጠባብ ናት፣ የእህቴ ልጅ። እንደዚያች ልጅ ቀሚስ።

በይ ጻፊ። ቀሚሱ የሚወሰደው… ነገ ስድስት ሰዓት። ምን አሉ? ጠዋት አንድ ሰዓት ነበር ያልኩዎት? ብያለሁ፣ ብያለሁ። ግን ይዩት፣ ገበሩ ገና ነው። ላዩን ብቻ አሳምሬ ልሰጥዎ? ከውጭ ያማረ፣ ውስጡን ግን ማንም ያልነካው ልብስ ከእጄ አይወጣም፤ ሌሎች ይችሉበት ይሆናል። ስድስት ሰዓት። ለስምንት ይደርሳል።

‹‹ከቢሮ ጠዋቱን ፈቃድ ሰጥተውኛል፣ ሦስት ሰዓት ላይ ፀጉሬን እሠራለሁ›› ብለውኝ ነበር አይደል? እዚያም ችግር አለ። ፀጉር ሠሪዋ ጎረቤቴ ናት፣ ቅድም ጎራ ብዬ ነበር። የሦስት ሰዓቱን ቦታ አንዲት ሴትዮ ይዛዋለች፤ ከአምስት ሰዓት በፊት ክፍት የላትም። እርስዎን ለአምስት አስመዝግቤዎታለሁ። የሦስቱን ማን ያዘው? እንጃ… አንዲት አሮጊት ናት፣ ፀጉሯ እንደኔ ሳስቶ ያለቀ፣ ምን ሊሠራላት እንደሆነ ለእግዜር ይታየው። አንቺ ልጅ፣ ሳቅሽን ዋጪና ወደ ደብተርሽ!

እና እመቤቴ፣ ከሦስት እስከ አምስት ባዶ ሆነብዎት። ይቅርታ ያድርጉልኝ። ሰው ባዶ ጠዋት ሲያገኝ ምን ያደርግበታል? ጤና ጣቢያው እንደሆነ ከፀጉር ቤቱ ማዶ ነው፤ አስፋልቱን ብቻ መሻገር ነው። ለእርስዎ አይደለም የምነግርዎት፣ እርስዎ እዚያ ምን ጉዳይ አለዎት? እንዲያው ለዚያች ሴትዮ እንዲህ ያለ ጠዋት ቢወጣላት ኖሮ እያልኩ ነው።

የእህቴ ልጅ፣ ያን ወረቀት ከጠረጴዛው ላይ አንሺው። አዎ፣ የስፒል ቀዳዳ ያለበትን። ከእመቤቴ ደረሰኝ ጋር እጠፊና ቦርሳቸው ውስጥ ክተቺላቸው። ምን ያስደነግጥሻል? ትልቅ ሰው ናቸው፣ ብዙ ሰው ያውቃሉ፤ ምናልባት ሴትዮዋን መንገድ ላይ ካገኟት ይሰጡልኛል ብዬ ነው። ይሰጡልኛል አይደል እመቤቴ?

ቦርሳውን አቅርቢላቸው፣ ዓይናቸው እሱ ላይ ነው።

በሉ ጨርሰናል። ቀስ ብዬ ላውልቅልዎ፣ እጅዎን ወደ ላይ። ቆመው ደክሞዎታል። ውሃ አምጪላቸው… አይ ቆይ፣ መጀመሪያ ልመርቅዎ፤ ለሽልማት የሚሄድን ሰው ሳይመርቁ አይሸኙም። ጭብጨባው ይድመቅልዎ። የሚሰጥዎት ነገር ከግድግዳዎ አይውረድ። የመሥሪያ ቤትዎ ሰዎች ስምዎን ሲጠሩ አዳራሹ በሙሉ ይስማ። ልጅዎም ትደግልዎ። እርስዎም ዕድሜ ከጤና ጋር ይስጥዎትና፣ አርጅተው፣ ጉልበትዎ ከድቶዎት፣ ከአልጋዎ ላይ ሆነው ‹‹ልጄ!›› ብለው ሲጣሩ… የምትሰማዎት ያድርግልዎ። አሜን ይበሉ እንጂ! ደግሞም እርስዎ እንዳሳደጓት አድርጋ… ወዬ የኔ ዓለም! ወዬ! በዚህ በኩል ነኝ፣ ወደ ግራሽ ዙሪ! መጣሁ፣ መጣሁ… አይነሱ እመቤቴ፣ እኔን ነው የጠራችው፣ እርስዎን አይደለም፤ እርስዎ ብቻ ነገ—